የሚከራከሩበትን ዓረፍተ ነገር ቅረጹት

የአንባቢያን ጥያቄና መልስ፦ ዶክመንተሪ ፊልም

በዚህ ወር የደረሱን ደብዳቤዎች አብዛኞቹ ስለ አንድ ጉዳይ ናቸው፦ ሳይንስ በትምህርት ቤት እንዴት ይሰጥ በሚል የሚነሣውን የአደባባይ ክርክር በፊልም ስለ መሥራት። ጠያቂዎቻችን በብዛት አሜሪካ ያሉ ስለሆኑ ምሳሌዎቻችንም ከዚያው ናቸው። ዓመተ ምሕረቱም ወሩም ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው።

ጥያቄ፦ ወደ 60 ሰዓት የሚጠጋ የትምህርት ቦርድ ስብሰባ ቀርጫለሁ። ሁሉም ንግግር ነው፤ ሰው ይነሣል፣ ይናገራል፣ ይቀመጣል። ይህን ማን ቁጭ ብሎ ያየዋል? (ከዳላስ)

መልስ፦ ንግግር መብዛቱ አይደለም ችግሩ። የሚያከራክራቸው ነገር በስክሪን ላይ አለመታየቱ ነው። የቦርድ ክርክር ዞሮ ዞሮ ድምፅ ወደ መስጠት ይሄዳል፤ ድምፅ የሚሰጠው ደግሞ ወረቀት ላይ በተጻፈ አንድ ዓረፍተ ነገር ነው። ያንን ዓረፍተ ነገር እንደ ዋና ገጸ ባሕርይ ይያዙት።

እዚያው እርስዎ ካሉበት ግዛት ምሳሌ እንውሰድ። 15 አባላት ያሉት የቴክሳስ የትምህርት ቦርድ በ2009 የሳይንስ ሥርዓተ ትምህርቱን ሲከልስ ያፋጀው፣ ተማሪዎች የሳይንስ ንድፈ ሐሳቦችን «ጥንካሬና ድክመት» እንዲመረምሩ የሚለው ሐረግ ነበር። ደጋፊዎቹ ተማሪ በራሱ እንዲያስብ ነው አሉ፤ ተቃዋሚዎቹ ዝግመተ ለውጥን ለማጣጣል የተተወ ቀዳዳ ነው አሉ። በመጨረሻ ሐረጉ ወጣ፤ ግን የሳይንሳዊ ማስረጃውን «ጎኖች ሁሉ» መመርመር የሚል ቃል ገባ። አንዱ በር ተዘግቶ ሌላው ገርበብ አለ ማለት ነው። ይህ ራሱ መነሻ፣ መካከልና መጨረሻ ያለው ታሪክ ነው።

ስለዚህ ከየስብሰባው በፊት የሚወጣውን የአጀንዳ ሰነድ ሰብስቡ፤ ድረ ገጹ ላይ ቆይቶ ሊቀየር ስለሚችል በወጣበት ቀን አውርደው ያስቀምጡ። ግድግዳ ላይ በተራ ይለጥፉት፦ ቀን፣ የዚያን ቀን አባባል፣ ማሻሻያውን ያቀረበው ማን እንደሆነ፣ የድምፅ ውጤት። ከዚያ 60 ሰዓቱን በጽሑፍ ያስገልብጡና ዓረፍተ ነገሩን ለመንካት የተሞከረበትን ቦታ ብቻ በቀለም ያቅልሙ። የቀረው በአብዛኛው ለቅንብር አያስፈልግዎትም።

አንድ ነገር ከሌለዎት ግን አሁኑኑ መቅረጽ ይጀምሩ፦ የሚያዳምጡ ሰዎችን ፊት። ሌላው ሲናገር የሚያዳምጥ፣ የሚጽፍ፣ አንገቱን የሚነቀንቅ ሰው፣ እያንዳንዱን ሳያቋርጡ 20 ሰከንድ። ይህ ከሌለ የ3 ደቂቃ ንግግርን ወደ 40 ሰከንድ ማሳጠር አይቻልም፤ በቆረጡበት ቦታ ሁሉ የተናጋሪው ጭንቅላት ይዘላል።

ጥያቄ፦ የቦርድ ስብሰባ ስቀርጽ ድምፁ ከጉድጓድ የሚወጣ ይመስላል፤ መብራቱም ይርገበገባል። ካሜራው ከአዲስ አበባ የመጣ ነው። በር ላይ ያለው ጥበቃ ደግሞ በየጊዜው «ፈቃድ አለህ?» ይለኛል። (ከአሌክሳንድሪያ፣ ቨርጂኒያ)

መልስ፦ ከጥበቃው እንጀምር። የቨርጂኒያ የመረጃ ነጻነት ሕግ ክፍት የሆነን ስብሰባ ማንም ሰው እንዲቀርጽ ይፈቅዳል። ቦርዱ ማድረግ የሚችለው ስብሰባው እንዳይታወክ ዕቃው የት እንደሚቀመጥ ደንብ ማውጣት ነው። ስለዚህ ከሁለት ቀን በፊት ለቦርዱ ጸሐፊ ኢሜይል ይላኩ፤ «መቅረጽ ይቻላል?» ብለው ሳይሆን «ካሜራዬን የት ላቁም?» ብለው። መልሱን አትመው ኪስዎ ውስጥ ይያዙ። ዝግ ስብሰባ ሲታወጅ ጠረጴዛ ላይ ያለውን ሪከርደር ጭምር ይዘው ይውጡ፤ ረስተው የተዉት ሪከርደር ሌላ ጣጣ ያመጣል።

መብራቱ የሚርገበገበው በኤሌክትሪኩ ነው። ኢትዮጵያ 50 ኸርዝ፣ አሜሪካ 60 ኸርዝ ነው። የአሜሪካ አምፖል በሰከንድ 120 ጊዜ ብልጭ ይላል። የእርስዎ ካሜራ በ25 ፍሬም ላይ ሹተሩ (ለአንድ ፍሬም ብርሃን የሚቀበልበት ጊዜ) 1/50 ሰከንድ ከሆነ በእያንዳንዱ ፍሬም 2.4 ብልጭታ ይይዛል፤ ይህች ትርፍ 0.4 ናት ምስሉን የምታርገበግበው። 1/60 ላይ ሲያደርጉት ድፍን 2 ይሆናል። ሜኑው ውስጥ ገብተው ከፓል (ከባለ 50 ኸርዝ አገሮች ሥርዓት) ወደ ኤንቲኤስሲ (ወደ አሜሪካው) ይቀይሩና 23.976 ወይም 29.97 ፍሬም፣ ሹተር 1/60 ያድርጉ። በዲመር (በብርሃን መቀነሻ) የተቀነሰ ኤልኢዲ የራሱ ምት ስላለው አሥር ሰከንድ ቀርጸው በትልቅ ስክሪን ይዩት፤ የካሜራው ትንሽ ስክሪን ይደብቀዋል።

ድምፁን በተመለከተ፣ ካሜራው ላይ ያለ ማይክ ከ10 ሜትር ላይ የሚሰማው ሰውየውን ሳይሆን ግድግዳውን ነው። ስብሰባው ሊጀመር 45 ደቂቃ ሲቀረው ይድረሱና ከአዳራሹ ሚክሰር (ማይኮቹ ሁሉ ከሚገናኙበት የድምፅ ማቀናበሪያ) በኤክስኤልአር የድምፅ ገመድ መስመር እንዲሰጡዎት ይጠይቁ። ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው። ከሚክሰር የሚመጣው ድምፅ ኃይለኛ ነው፤ የሪከርደሩን መግቢያ «ማይክ» ላይ ትተው ከሰኩት ድምፁ ይቀደዳል። የተቀደደ ድምፅ በኋላ ቢቀንሱትም እንደተቀደደ ይቀራል። መግቢያውን «ላይን» ላይ ያድርጉ፤ ያ ከሌለ በመካከሉ 25 ዴሲቤል የሚቀንስ ፓድ ይሰኩ፤ ሪከርደሩ ለማይክ የሚልከውን 48 ቮልት ያጥፉ። ገመዱ «ዝዝዝ» ካለ በመካከሉ ኢሶሌሽን ትራንስፎርመር ይግባ። መጠኑ ሰው ሲጮህ ከ−12 ዴሲቤል እንዳያልፍ አድርገው በ48 ኪሎኸርዝ፣ 24 ቢት ይቅረጹ። ኃይለኛ ድምፅንም ሳይቀደድ የሚይዝ ባለ 32 ቢት ፍሎት ሪከርደር አለኝ ብለው አይዘናጉ፤ ሚክሰሩ ራሱ ቀድዶ ከላከው የሚያድነው የለም።

ከሚክሰር የሚመጣው ግን በማይክ የተነገረውን ብቻ ነው። የሕዝቡን ማጉረምረም፣ ሳቁን፣ ወንበር ሲንቋቋ አይሰጥዎትም፤ ያለ እሱ ደግሞ አዳራሹ ባዶ ይመስላል። ሁለተኛ ሪከርደር ከፊት ረድፍ አጠገብ ያስቀምጡ። ድምፅና ምስሉን በኋላ ለማገጣጠም ሁሉም መቅረጽ ሲጀምሩ አንዴ ያጨብጭቡ፣ ሲጨርሱም አንዴ። የመጨረሻዋን ጭብጨባ ብዙዎች ይተዋታል፤ ግን በአራት ሰዓት ስብሰባ ውስጥ የሁለት መሣሪያ ሰዓት እየተለያየ ከንፈርና ድምፅ የሚፋቱት መጨረሻው ላይ ነው።

ካርድም ያስቡ፦ በሰከንድ 100 ሜጋቢት የሚቀርጽ ካሜራ በሰዓት 45 ጊጋባይት ይበላል። አራት ሰዓት 180 ነው፤ በሁለት ዲስክ ሲገለበጥ 360። ካርዱ በሁለት ዲስክ መገልበጡ ሳይረጋገጥ አይጥፋ።

ጥያቄ፦ በፌዴራል ፍርድ ቤት የታየ የሳይንስ ትምህርት ክርክር ላይ እየሠራሁ ነው። ካሜራ አልገባም ነበር። ተዋንያን ላስቀምጥ ወይስ ጽሑፍ ብቻ ላስነብብ? (ከአትላንታ)

መልስ፦ ከእርስዎ በፊት ይህ ችግር የገጠማቸው አሉ። በፔንሲልቬንያ የዶቨር ወረዳ ትምህርት ቦርድ በጥቅምት 2004 ተማሪዎች ስለ ዳርዊን ንድፈ ሐሳብ ክፍተቶችና ስለ «ኢንተለጀንት ዲዛይን» (ሕይወት በአንድ አስተዋይ ነዳፊ የተቀረጸች ናት ስለሚለው አመለካከት) እንዲነገራቸው ወሰነ። 11 ወላጆች ከሰሱ። ሐሪስበርግ ላይ ከመስከረም 26 እስከ ኅዳር 4 ቀን 2005 ተሰማ፤ ዳኛ ጆን ጆንስ ታኅሣሥ 20 ቀን በ139 ገጽ ፍርዳቸው ነገሩ ሳይንስ ሳይሆን የፍጥረት አስተምህሮ ሌላ መልኩ ነው፣ በመንግሥት ትምህርት ቤት ማስተማሩም ከሕገ መንግሥቱ ጋር ይጋጫል አሉ። አንድም የችሎት ቪዲዮ የለም። የሕዝብ ቴሌቪዥኑ የኖቫ ፕሮግራም በ2007 የሁለት ሰዓት ፊልም ሲሠራ ተዋንያን የችሎቱን መዝገብ እንዲናገሩ አደረገ።

እኛም ተዋንያን ያስቀምጡ ባይ ነን፤ ግን ቃል አይጨምሩ። መቁረጥ ይችላሉ፤ የአንዱን ጥያቄ መልስ ከሌላ ጥያቄ ጋር መስፋት ግን አይችሉም። ጽሑፍዎ ላይ ከእያንዳንዱ መስመር አጠገብ የችሎት ቀን፣ ገጽና መስመር ይጻፉ፤ የፍርድ ቤት መዝገብ ገጽ 25 ቁጥር ያለው መስመር ስላለው ይህ ቀላል ነው። ጠበቃ «ይህን ከየት አመጣኸው?» ሲልዎት አንድ ደቂቃ አይፈጅብዎትም። መዝገቡ ገና ነጻ ካልሆነ በፌዴራል ፍርድ ቤቶች የኢንተርኔት መዝገብ በኩል በገጽ 10 ሳንቲም ይገኛል፤ ሌሎች ሰነዶች ላይ የሚሠራው የ3 ዶላር ጣሪያ ለችሎት ግልባጭ እንደማይሠራ ግን በጀትዎ ውስጥ ያስገቡ።

መዝገቡ የማይነግርዎት ነገር የአነጋገር ቃና ነው። ምስክሩ ተቆጥቶ ይሁን ተሸማቆ አልተጻፈም። ስለዚህ ተዋናዩ ረጋ ብሎ፣ እንደ ንባብ ይናገረው። ያለቅሳል፣ ይጮኻል ካሉ ያ የእርስዎ ፈጠራ ነው። «ከችሎት መዝገብ ቃል በቃል» የሚለው ጽሑፍ ደግሞ ትንሽ ሆኖ ጥግ ላይ ሁልጊዜ ይኑር፤ መጀመሪያ ላይ አንዴ ማሳየት ድሮ ቀርቷል። ዛሬ የፊልም ቁራጭ በስልክ ተቆርጦ ብቻውን ይዞራል።

በዚያ ክርክር ከንግግሩ ሁሉ በላይ ለፊልም የሚሆነው አንድ ወረቀት ነው። ቦርዱ ለተማሪዎች የጠቆመው መጽሐፍ ረቂቆች ሲመረመሩ፣ የጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የ1987 ውሳኔ የፍጥረት አስተምህሮን ማስገደድ ከከለከለ በኋላ «ክሪኤሽኒስትስ» (የፍጥረት አስተምህሮ አማኞች) የሚለው ቃል «ዲዛይን ፕሮፖነንትስ» (የዲዛይን ደጋፊዎች) በሚል እየተተካ መሄዱ ታየ። አንድ ቦታ ላይ የተካው ሰው አሮጌውን ቃል ሙሉ በሙሉ አልነቀለውም። ፊት ያለችው «ሲ» ፊደልና ኋላ ያለው «ኢስትስ» ቀርተው «ሲዲዛይን ፕሮፖነንትሲስትስ» የሚል የየትም አገር ቃል ያልሆነ ነገር ተፈጠረ። ለአማርኛ ተመልካች እንዲገባው ካስፈለገ፦ «ባለሥልጣኖቹ» የሚለውን በ«ኃላፊዎች» ልተካ ብሎ «ባኃላፊዎችኖቹ» እንደ መጻፍ ነው።

እንዲህ ያለ ሰነድ ሲቀርጹ ሁለቱን ረቂቆች ጎን ለጎን፣ ያንኑ አንቀጽ ብቻ ያሳዩ። መጀመሪያ 3 ሰከንድ ምንም አይነኩት፤ ዓይን ቦታውን ያግኝ። ከዚያ ያቺን ቃል ብቻ በቀለም ያብሩና 7 ሰከንድ ያቆዩ። ተራኪ አያናግሩ፣ ሙዚቃም ያጥፉ። ዳር ላይ ቀኑ ይታይ፤ ከውሳኔው በፊትና በኋላ መሆኑ ካልታየ ወረቀቱ የመተየብ ስሕተት ብቻ ይመስላል።

ጥያቄ፦ ሳይንቲስቱና ተቃዋሚው እኩል ደቂቃ ካላገኙ ሚዛናዊ አይደለህም እንዳልባል እፈራለሁ። (ከለንደን)

መልስ፦ ሚዛን በሰዓት አይለካም። በእንደዚህ ዓይነት ክርክር ውስጥ ሦስት የተለያዩ ጥያቄዎች ተደባልቀው ይቀመጣሉ፦ ሳይንሱ ምን ይላል፣ ሕጉ ምን ይፈቅዳል፣ ልጄ የሚማረውን ማን ይወስን። በመጀመሪያው ላይ የምርምር ውጤት እንጂ የደቂቃ ድርሻ አይጠየቅም። በሦስተኛው ላይ ግን ወላጁም፣ ቄሱም፣ መምህሩም እኩል ባለጉዳይ ናቸው፤ እዚህ ጋ ሰዓት ይስጧቸው። የተቃዋሚውን ወገን ሲጠይቁም በጣም የሚጮኸውን ሳይሆን ነገሩን አሳምሮ ማስረዳት የሚችለውን ይፈልጉ። ደካማውን መርጦ ማሳየት ተመልካቹ ወዲያው የሚነቃበት ተንኮል ነው።

ከደቂቃ ይልቅ ስም የሚያጠፋው ሰው ለቃለ መጠይቅ ሲጋበዝ የሚነገረው ነገር ነው። በ2008 ኢንተለጀንት ዲዛይንን ደግፎ በወጣ አንድ ፊልም ላይ የተጠየቁ ሳይንቲስቶች ስንጠየቅ የተነገረን ርዕስ ሌላ ነበር ብለው በአደባባይ ቅሬታ አሰሙ፤ ስለ ፊልሙ ከተወራው ግማሹ ስለዚሁ ሆነ። ስለዚህ በግብዣው ደብዳቤ ላይ ርዕሱን «ጊዜያዊ ርዕስ» ብለው ይጻፉ፤ ጉዳዩንና ሌሎች የሚጠየቁ ሰዎች ከየትኛው ወገን እንደሆኑ ያመልክቱ። የፈቃድ ፎርሙ መብራት ሳይበራ በፊት ይፈረም፤ ከጥያቄው በኋላ የሚቀርብ ፎርም መደራደሪያ ይሆናል። አንዳንዱ «እኔም የራሴን ካሜራ ላቁም» ይላል። ይፍቀዱለት፤ ጥያቄዎትን በትክክል ካቀረቡ የሚያስፈራ ነገር የለውም። ፊልሙ ከመውጣቱ በፊት የተቀናበረውን ልየውና ልቁረጥ ካለ ግን እምቢ ማለት የእርስዎ ድርሻ ነው።

ለአባቶችና ለአዛውንት መምህራን «አንቱ» ማለቱን ካሜራ ፊትም አይተዉት። በተራኪው ድምፅ «እሱ» ተብለው ሲጠሩ የሚቆጣው የቤተሰባቸው ተመልካች ብቻ አይደለም።

ጥያቄ፦ የእንግሊዝኛ ቃለ መጠይቆቼን በአማርኛ ሰብታይትል ላደርግ ነው። ፊደሉ ሳጥን ሳጥን ሆኖ ወጣ፤ ተመልካቾችም በማያስቅ ቦታ ሳቁ። (ከአዲስ አበባ)

መልስ፦ ሳጥኑ ቀላል ነው፦ የቅንብር ፕሮግራሙ የመረጠው ፎንት ግዕዝ የለውም። ኖቶ ሳንስ ኢትዮፒክ ወይም አቢሲኒካ ይጫኑ፤ ፋይሉን በዩቲኤፍ-8 ያስቀምጡ፤ መላውን ፊልም ከማውጣትዎ በፊት የ30 ሰከንድ ናሙና በስልክም በቴሌቪዥንም ይሞክሩ። በመስመር ከ30 ፊደል፣ በአንድ ጊዜ ከ2 መስመር አይብለጥ። የአማርኛ ግሥ መጨረሻ ላይ ስለሚመጣ ዓረፍተ ነገሩን ለሁለት ሰብታይትል ሲከፍሉ ተመልካቹ «አለ» ይሁን «የለም» ሳያውቅ ይጠብቃል፤ በተቻለ መጠን ግሡ ያለበትን ክፍል አንድ ላይ ያውጡት።

ሳቁ የመጣው ከየት እንደሆነ የምንገምተው ከአንዲት ቃል ነው። እንግሊዝኛው «ኤፕ» (ቺምፓንዚና ጎሪላ ያሉበት ወገን) ሲል ተርጓሚው «ዝንጀሮ» ብሎ ይጽፋል። ዝንጀሮ ግን ለእኛ ሰሜን ተራሮች ላይ ሣር የሚነጨው፣ ማሳ የሚያጠፋው የታወቀ እንስሳ ነው፤ ሳይንቲስቱ ስለ እሱ አላወራም። ቺምፓንዚ ካለ «ቺምፓንዚ»፣ የጋራ ዘር ካለ «የጋራ ቅድመ አያት» ብለው ይጻፉ፤ አለዚያ ክርክሩ ወዲያው ሌላ ክርክር ይሆናል።

ሌላዋ «ቲዎሪ» ናት። በመንገድ ቋንቋ «ይሄ ቲዎሪ ነው» ማለት «በተግባር የማይሠራ ወሬ ነው» ማለት ነው። በሳይንስ ደግሞ በብዙ ማስረጃ የጸና ማብራሪያ ነው። የዶቨር ተማሪዎች የሚነበብላቸው መግለጫ ያረፈው በዚሁ የሁለት ትርጉም ልዩነት ላይ ነበር። ስለዚህ ሳይንቲስት ሲናገር «ንድፈ ሐሳብ»፣ ያልተፈተነ ግምት ሲሆን «መላ ምት»፣ የቦርድ አባሉ ለማጣጣል ሲጠቀምበት ደግሞ «ቲዎሪ ብቻ ነው» ብለው ይተዉት። ሁሉንም በአንድ ቃል ካለፉት የፊልምዎ ግማሽ ክርክር በትርጉም ውስጥ ይጠፋል።

ጥያቄ፦ የ1925ቱን የቴነሲ «የስኮፕስ ችሎት» ምስሎችና አንድ ታዋቂ ዘፈን ልጠቀም እችላለሁ? (ከዴንቨር)

መልስ፦ ምስሎቹን ብዙዎቹን አዎ። ዝግመተ ለውጥ አስተማረ ተብሎ የ100 ዶላር ቅጣት የተፈረደበት የዴይተኑ መምህር ችሎት ሐምሌ 1925 ነበር፤ በዚያ ዓመት አሜሪካ ውስጥ የታተመ ሥራ ከጥር 1 ቀን 2021 ጀምሮ የሕዝብ ሆኗል። የስሚዝሶኒያን ቤተ መዛግብትም የታወቀ የቅጂ መብት ገደብ የሌለባቸው የችሎቱ ፎቶዎች ስብስብ አለው። ዘፈኑ ሌላ ነገር ነው። ከላይ ያነሣነው የ2008 ፊልም ከጆን ሌነን ዘፈን 15 ሰከንድ ያህል ወስዶ ተከሷል፤ ኒው ዮርክ ያለው ፍርድ ቤት ፊልሙን አላገደም፤ ዘፈኑን የወሰደው ሊተችበት ስለሆነ። ለማጀቢያ ሲሆን ግን ይህ ክርክር አይሠራም። ደግሞም የአሜሪካ ሕግ ነው፤ ፊልሙ ኢትዮጵያ ሲታይ የሚገዛው የቅጂ መብት አዋጅ ቁጥር 410 ነው፤ በዚያ ምንጭ ጠቅሶ በመጠኑ መጥቀስ ይፈቀዳል እንጂ አሜሪካኖቹ «ፌር ዩዝ» የሚሉት ሰፊ መብት የለም።

ጥያቄ፦ ከ2004 ጀምሮ ሳይንስና ሒሳብ በእንግሊዝኛ ስለ ሰጠው የ«ፕላዝማ» ትምህርት እየሠራን ነው። ልጆች ያሉበትን ክፍል እንዴት እንቅረጽ? (ከሐዋሳ)

መልስ፦ ከትምህርት ቤቱ ደብዳቤ፣ ከወላጅ ፊርማ፤ ያልፈረመ ወላጅ ልጅ ከካሜራው ጀርባ ካለው ረድፍ ይቀመጥ። ከኋላ ወደ ስክሪኑ መቅረጽ ፊትንም ያድናል፣ ታሪኩንም ያሳያል፦ ስክሪኑ ሲናገር መምህሩ ጥግ ላይ ቆሞ የሚጠብቅበትን። ኢትዮጵያ 50 ኸርዝ ስለሆነች ሹተር 1/50 ያድርጉ። የደብተር ሽፋንና ግድግዳ ላይ የተለጠፈ የውጤት ዝርዝር ላይ ስም አለ፤ ከመቅረጽዎ በፊት ያንሡት።

ጥያቄ፦ ድንቅነሽን ማሳየት እፈልጋለሁ። አዲስ አበባ ብሔራዊ ሙዚየም ያለውን ብቀርጽ ይበቃል? (ከሂዩስተን)

መልስ፦ ይበቃል፤ ግን በመስታወቱ ውስጥ ያለው ቅጂ ነው። በ1974 ሐዳር ላይ የተገኘው፣ 3.2 ሚሊዮን ዓመት ዕድሜ ያለው ዋናው አጥንት ተቆልፎ ይቀመጣል። እናንተ ከተማ በ2007 የሄደው ግን ዋናው ነበር፤ የዚያን ጊዜ ቪዲዮ ካገኙ «ዋናው አጥንት፣ ሂዩስተን» ብለው ይጻፉበት፣ የአዲስ አበባው ላይ ደግሞ «ቅጂ»። ፊልምዎን የሚቃወም ሰው መጀመሪያ የሚፈልገው እንዲህ ያለ ስሕተት ነው።